ባለቤቴ ከዱባይ ሆኖ ሳሎኔን ያያል

ጥያቄ፦ ባለቤቴ የሚሠራው ዱባይ ነው። እኔ ሥራ ስውል ልጃችንንና ሠራተኛዋን ለማየት ብሎ ሳሎን ውስጥ ካሜራ አስገጠመ። አሁን ግን ማታ ማታ በካሜራው «ማነው የመጣው?»፣ «ለምን አልተኛሽም?» የሚለው እኔኑ ነው። እናቴን ለማናገር እንኳ ስልኬን ይዤ መታጠቢያ ቤት እገባለሁ። ነቅዬ ልጣለው?

መልስ፦ ለጊዜው አትንቀይው። ድንገት ሲጠፋበት መብራት ሄዶ ይሆናል ብሎ ላያስብ ይችላል፤ ጠባችሁም ስለ መንቀልሽ ይሆንና ዋናው ነገር ይረሳል።

የተጨነቀ ሰው ካሜራውን ከፍቶ ያያል፣ ለጥቂት ደቂቃ ይረጋጋል፤ ያቺው እፎይታ ደግማ ታስከፍተዋለች። እንቅስቃሴ በታየ ቁጥር ስልኩ ላይ የሚጮኸው ማሳወቂያ ደግሞ ያባብሰዋል፤ መጋረጃ በነፋስ ሲወዛወዝም ይጮኻል። አንቺ ስልክ ይዘሽ ስትሰወሪ «የምትደብቀው አላት» ይልና የበለጠ ያያል።

በካሜራው ሲናገርሽ እዚያው አትመልሺለት፤ በስልክ ደውይለት። ዋናውን ንግግር እሱ በሚያርፍበት ቀን፣ ልጁ ከተኛ በኋላ አድርጉት። «ትሰልለኛለህ» ካልሽው ክርክር ይገጥማል። «ልጃችንን ማየትህ ደስ ይለኛል፤ በካሜራው ስትጠራኝ ግን እደነግጣለሁ፣ በገዛ ቤቴ እሳቀቃለሁ» በይው። ከዚያ ለ2 ሳምንት ሙከራ ጠይቂው፦ ማሳወቂያውና ድምፁ ይጥፉ፤ ካሜራው የሚሠራው አንቺ ሥራ ላይ ስትሆኚ፣ ከጠዋቱ 2 እስከ ቀኑ 11 ሰዓት ብቻ ይሁን። (ዱባይ ከእኛ በ1 ሰዓት ስለምትቀድም ሰዓቱን ሲሞላ የቱን አገር ሰዓት እንደያዘ ይይ፤ አለዚያ ገና ሳትወጪ ይከፈታል።) በምትኩ ማታ ማታ በቁርጥ ሰዓት 15 ደቂቃ በቪዲዮ ከልጁ ጋር ይጫወት። አፑ በአንቺም ስልክ ይጫን፤ ሌላ ማን እንደተጨመረበት አብራችሁ እዩ። አንዳንዴ ወንድምና አማችም ተጋርተውት ይገኛሉ።

ሠራተኛዋ የት እንደምትተኛ አልጻፍሽም። ቤታችሁ ባለ አንድ መኝታ ከሆነና ሳሎን የምትተኛ ከሆነ፣ እነዚህ ካሜራዎች አብዛኞቹ በጨለማም ያያሉ። መኖሩን ንገሪያት፤ ከ11 ሰዓት በኋላ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሪው ወይም ጨርቅ ጣይበት፤ ይህን ለባለቤትሽም አስቀድመሽ አሳውቂው።

ካሜራው ተዘግቶም በየሰዓቱ «ያለሽበትን ፎቶ ላኪ» ካለሽ ጭንቀቱ ከልጁ ሌላ ነው፤ ሲመጣ ሁለታችሁም ከባለሙያ ጋር ተቀመጡ። ማስፈራራት ከጀመረ ግን ድርድሩን ተዪውና ለምታምኚው ሰው ንገሪ፤ ስትነግሪውም ከዚያ ሳሎን ውጭ ይሁን።