ግቢዬ ውስጥ የቆመው ፖል የማን ነው?

የመሬትና የኤሌክትሪክ መስመር ክርክሮችን ይዤ ብዙ ዓመት ስለሠራሁ «ጠይቁኝ» ብዬ ነበር። ከመጡት ውስጥ የሚደጋገሙትን መረጥኩ። ዝርዝሩ ከአገር አገር ስለሚለያይ፣ እርምጃ ከመውሰዳችሁ በፊት የአገራችሁን ሕግ የሚያውቅ ጠበቃ አማክሩ።

ጥያቄ፦ ፖሉ የቆመው መሬቴ ላይ ነው። ታዲያ የእኔ አይደለም?

አይደለም። መሬቱ የእርስዎ፣ ፖሉ የኤሌክትሪክ ኩባንያው ነው። የኩባንያው መብት ፖሉን ማቆም፣ ገመዱን ማሳለፍና ለጥገና መግባት ነው። ከዚህ ካለፈ «በምን መብት?» ማለት ይችላሉ።

ጥያቄ፦ እኔ የፈረምኩት ነገር የለም። ቤቱን ስገዛ ፖሉ ቆሞ ነበር። ንቀሉልኝ ማለት እችላለሁ?

መልሱ ያለው ወረቀት ውስጥ ነው። ሁለት ዓይነት ፈቃድ አለ። አንደኛው የቀድሞው ባለቤት በግሉ የሰጠው ነው። እንግሊዞች ዌይሊቭ ይሉታል። ብዙውን ጊዜ ከሰጠው ሰው ጋር ይቀራል፤ አዲሱን ገዢ አያስርም። ሁለተኛው ኢዝመንት ይባላል። እሱ ከመሬቱ ጋር የተጣበቀ ነው፤ መሬቱ አሥር ጊዜ ቢሸጥ አብሮ ይሄዳል። ስለዚህ መጀመሪያ የሚኬደው ኩባንያው ዘንድ ሳይሆን የመሬት መዝገብ ቤት ነው።

መዝገቡ ላይ ምንም ባይገኝስ? ያኔም ቶሎ አይደሰቱ። በብዙ አገሮች መስመሩ ማንም ሳይቃወመው ረጅም ዓመት ከቆየ፣ ኩባንያው በጊዜ ብዛት ብቻ መብት ሊያገኝ ይችላል። እንግሊዝ ውስጥ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1989 የወጣው የኤሌክትሪክ ሕግ አለ። ፈቃዱ ያበቃ እንደሆነ ባለመሬቱ «አንሱልኝ» ብሎ በጽሑፍ ማሳወቅ ይችላል። ኩባንያው ግን በ3 ወር ውስጥ ለመንግሥት ካመለከተ መስመሩ ባለበት እንዲቆይ ሊፈቀድለት ይችላል። በእኔ ልምድ የደብዳቤው ትልቁ ጥቅም ኩባንያውን ለድርድር ማስቀመጡ ነው።

ጥያቄ፦ ግድግዳዬ ላይ የለጠፉት ትንሽ ሳጥን ነው። ለዚህም ካሳ አለ?

ትንሽነቱ መብትዎን አያጠፋም። አሜሪካ ውስጥ ሎሬቶ የተባሉ የአፓርታማ ባለቤት፣ ሕንፃቸው ላይ ስለተዘረጋ የኬብል ቴሌቪዥን ገመድና ሳጥን ክስ መሥርተው እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሱ። እ.ኤ.አ. በ1982 ረቱ። በቋሚነት የተያዘ ቦታ ትንሽም ቢሆን ካሳ ይገባዋል ተባለ። በመጨረሻ ካሳው ስንት ቢሆን ጥሩ ነው? 1 ዶላር! ክስ ከመጀመርዎ በፊት ሒሳቡን ይሥሩ።

ጥያቄ፦ ገመዱ ባለበት በኩል ቤቴን ማስፋት እፈልጋለሁ። የማዛወሪያውን ወጪ ማን ይችላል?

ውሉ ላይ «ሲጠየቅ ኩባንያው በራሱ ወጪ ያነሳል» የሚል አንቀጽ ካለ፣ ተገላገሉ። ቋሚ ኢዝመንት ከሆነ ግን አብዛኛውን ጊዜ ከኪስዎ ነው። ፈረንሳዮች ለባለመሬቱ ያደላሉ። ባልታጠረና ቤት በሌለበት መሬት ላይ ፖል መቆሙ ባለቤቱን ከማጠርም ሆነ ከመገንባት አያግደውም። ይህ እ.ኤ.አ. በ1906 ከወጣው ሕጋቸው ጀምሮ ያለ ነው።

ጥያቄ፦ ሳይነግሩኝ ዛፌን ቆረጡት።

ገመድ የተጠጋ ቅርንጫፍ መቁረጥ ብዙ ጊዜ መብታቸው ነው። ግን አደጋ ካልሆነ በቀር ማሳወቅ አለባቸው። ከሚያስፈልገው በላይ ከቆረጡም ይጠየቃሉ። ጉቶውን ፎቶ አንሱ፣ ዲያሜትሩን ለኩ፣ በጽሑፍ ጠይቁ። እባካችሁ ራሳችሁ መጋዝ ይዛችሁ እንዳትወጡ። ከፍተኛ ቮልቴጅ ገመዱን ሳትነኩትም አየሩን ዘሎ ይይዛል።

ጥያቄ፦ በዚያው ፖል ላይ የኢንተርኔት ፋይበር ጨመሩ። ይችላሉ?

የተሰጠው ፈቃድ ለኤሌክትሪክ ብቻ ከሆነ፣ የሚያከራክር ነገር አለዎት። በአሜሪካዋ ሚዙሪ ግዛት ባለመሬቶች በዚሁ ምክንያት የኤሌክትሪክ ኅብረት ሥራ ማኅበር ከሰው ነበር። እ.ኤ.አ. በ2017 የይግባኝ ፍርድ ቤቱ ፋይበሩን ለንግድ መጠቀም ከፈቃዱ ያለፈ ነው አለ።

ጥያቄ፦ በፈለጉ ሰዓት ግቢዬ መግባት ይችላሉ?

ለአደጋ፣ አዎ። ለሌላው ግን ቀድመው ሊነግሩዎት ይገባል፤ እርስዎም መታወቂያ ይጠይቋቸው።

ጥያቄ፦ ኩባንያው አዲስ ውል ልኮልኛል። ልፈርም?

ዛሬ አይፈርሙ። የመስመሩ ስፋት በሜትር ይጻፍ። የፖሉ ቦታ ካርታ ላይ ምልክት ይደረግበት። በጥገና ጊዜ ለሚደርስ ጉዳት ማን እንደሚከፍል ይግለጹ። አንድ ደንበኛዬ ለአንድ ፖል ብለው ፈርመው፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ማሳቸው ላይ ትራንስፎርመር ተተከለ። ውሉን አውጥተን ስናየው «አስፈላጊ መሣሪያዎችን ሁሉ» ይላል። ያቺን «ሁሉ» የምትል ቃል ሰርዘው ነበር መፈረም የነበረባቸው።