የብረቱ ሰው ድምፅ

ጥያቄ፦ «ቴትሱኦ» የተባለውን የጃፓን ፊልም ጓደኛዬ ወትውቶኝ ተመለከትሁት። አንድ የቢሮ ሠራተኛ ቀስ በቀስ ወደ ብረትነት የሚለወጥበት ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። ጓደኛዬ እንደሚለው ዋናው ተዋናይ የፓንክ (ፈጣንና ጩኸታም የሮክ ሙዚቃ) ድምፃዊ የነበረ፣ በኋላም የታወቀ የቴሌቪዥን ተራኪ የሆነ ሰው ነው። ይህ እውነት ነውን? ከሆነስ አንድ ሰው ከዚያ ጩኸት ተነሥቶ እዚህ እንዴት ሊደርስ ቻለ?
አንባቢያችሁ፣ ከሐዋሳ

መልስ፦ ውድ አንባቢያችን፣ ጓደኛዎ የነገሩዎት እውነት ነው። ተዋናዩ ቶሞሮዎ ታጉቺ ይባላል፤ የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1957 በቶኪዮ ነው። ሥራዎቹ እርስ በርስ የተራራቁ ቢመስሉም፣ በቅርበት ላያቸው ሰው አንዱ ከሌላው የተወለደ መሆኑ ይታያል።

በ1980ዎቹ አጋማሽ ታጉቺ «ባቺካቡሪ» የተሰኘ የፓንክ ባንድ በድምፃዊነት ይመራ ነበር። ባንዱ ሙዚቃውን ያወጣው፣ ኬራሊኖ ሳንድሮቪች የተባለው ሙዚቀኛና የቲያትር ሰው በመሠረተው «ናጎሙ» በሚባል ትንሽ አሳታሚ በኩል ነው። ትልልቆቹ ኩባንያዎች ዘወር ብለው በማያዩአቸው ጠባብ አዳራሾች ተመልካቹ ከድምፃዊው በክንድ ርቀት ላይ ስለሚቆም፣ ታጉቺ ከዜማው ይልቅ በመላ አካሉ ተመልካቹን ማስደንገጥን ተማረ። ለፊልሙ ያበቃውም ይኸው ይመስለኛል።

የ«ቴትሱኦ» ዳይሬክተር ሺንያ ትሱካሞቶ በአነስተኛ ገንዘብ አጫጭር ፊልሞችን ይሠራ በነበረበት ጊዜ ታጉቺ አብሮት ነበር። በ1989 የወጣው «ቴትሱኦ» በ16 ሚሊሜትር ፊልም የተቀረጸና 67 ደቂቃ ብቻ የሚፈጅ ሲሆን፣ ትሱካሞቶ ድርሰቱን፣ ቀረጻውንና ቅንብሩን ከመሥራቱም በላይ የባላጋራውን ገጸ ባሕርይ ራሱ ተጫውቷል። በፊልሙ መጀመሪያ አካባቢ ያለውን ትዕይንት ያስታውሱ፦ ሠራተኛው በመስታወት ፊት ቆሞ ጢሙን ሲላጭ ጉንጩ ላይ የበቀለች ሹል ብረት ያያል፤ ሲነካት ደሙ ይፈናጠራል። በሌላ ትዕይንት ደግሞ ከፍቅረኛው ጋር በስልክ ሲገናኙ፣ እኛ «ሃሎ» እንደምንለው ጃፓኖች የሚሉትን «ሞሺ ሞሺ» ደጋግመው ከመለዋወጥ በቀር ምንም አይናገሩም። ንግግር እንዲህ በነጠፈበት ፊልም ውስጥ ታሪኩን የሚሸከመው የተዋናዩ አካል ነው፤ መድረክ ላይ በአካሉ መጮህን ያልለመደ ተዋናይ ቢሆን ኖሮ ይህ ሸክም ያጎብጠው ነበር። ፊልሙ በዚያው ዓመት በሮም በተካሄደው ፋንታፌስቲቫል በተባለ የፊልም ፌስቲቫል ዋናውን ሽልማት አገኘ፤ በ1992 በወጣው ሁለተኛው ክፍልም መሪ ተዋናዩ ታጉቺ ነበር።

ከዚያ በኋላ የዋናው ሲኒማ በር ተከፈተለት። በ1997 በፈረንሳዩ የካን ፊልም ፌስቲቫል የወርቅ ዘንባባ ሽልማትን ከአንድ የኢራን ፊልም ጋር በተጋራው፣ ሾሄይ ኢማሙራ ባዘጋጀው «ኡናጊ» ውስጥ የዋናዋን ሴት ገጸ ባሕርይ የቀድሞ ወዳጅ ሆኖ ተጫውቷል።

ጃፓን ውስጥ ግን አዛውንቱም ሕፃኑም ያወቀው በድምፁ ነው። ኤንኤችኬ የተባለው የሕዝብ ቴሌቪዥን ከ2000 እስከ 2005 ያስተላለፈውን «ፕሮጀክት ኤክስ» የተረከው እርሱ ነበር። ዝግጅቱ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ አገሪቱን እንደገና የሠሩ፣ ስማቸው ያልተነሣ መሐንዲሶችንና ሠራተኞችን ታሪክ ያወሳል፤ የመጀመሪያው ክፍል በፉጂ ተራራ ጫፍ ላይ ራዳር ስለተከሉ ሰዎች ነበር። ታጉቺ ዓረፍተ ነገሮቹን አሳጥሮና ረጋ ብሎ፣ ስሜቱን እንደ ያዘ ይተርካል። በፊልሙ ብረት የዋጠውና ቃል ያጣው ሰው፣ እዚህ አካሉ ሳይታይ ብረትን ስላሸነፉ ሰዎች በድምፁ ብቻ ሲናገር መስማት እኔን እጅግ ይነካኛል።

ጥያቄዎ ከሙዚቃው ስለ ተነሣ፣ ቀጥለው እንዲያዩት የምመክርዎ በ2003 በዳይሬክተርነት የሠራውን «አይደን እና ቲቲ» ነው። በጁን ሚዩራ ማንጋ (በሥዕል የሚተረክ የጃፓን ታሪክ) ላይ ተመሥርቶ፣ ብዙ የሮክ ባንዶች ድንገት ዝነኛ በሆኑበት ዘመን ሽያጭና እምነቱ የተጋጩበትን የአንድ ወጣት ጊታር ተጫዋች ሕይወት ያሳያል። ታጉቺ ለመሪነቱ ስመ ጥር ተዋናይ አልፈለገም፤ ሚናውን የሰጠው እንደ ራሱ ከባንድ መድረክ ለመጣው ድምፃዊ ለካዙኖቡ ሚኔታ ነበር።