አካውንቲንግ ትቼ ሥዕል ልማር?

ጥያቄ፦ «የሐረር ልጅ ነኝ። ድሬዳዋ ዩኒቨርሲቲ አካውንቲንግ ሁለተኛ ዓመት ደርሻለሁ። ከልጅነቴ ጀምሮ እስላለሁ፤ ከአያቴ ጋር ስፌትም (የአክርማ ሰፌድ) እሰፋለሁ። ሰሞኑን ስለ 20ኛው ክፍለ ዘመን ሴት ሠዓሊዎችና ስለ ፌሚኒዝም ማንበብ ጀምሬ እንቅልፍ አጥቻለሁ። ትምህርቴን አቋርጬ አዲስ አበባ ሥዕል ልማር ብል ቤቱ ታመሰ። ወንድሜማ ‹እስቲ አንዲት ታላቅ ሴት ሠዓሊ ጥሪልኝ› እያለ ይስቅብኛል። ምን ይመክሩኛል?»

መልስ፦ እህቴ፣ መጀመሪያ የወንድምሽን ነገር እንጨርሰው። ሊንዳ ኖክሊን የምትባል አሜሪካዊት የሥነ ጥበብ ታሪክ ምሁር እ.ኤ.አ. በ1971 «ታላላቅ ሴት ሠዓሊዎች ለምን አልነበሩም?» ብላ ጽፋለች። ብልጠቷ ስም ወደ መደርደር አለመሮጧ ነው። አንቺ ፍሪዳ ካህሎን ብትጠሪ እሱ ፒካሶን ይጠራል፤ ሲያልቅም አይታይም። ኖክሊን የጠየቀችው ሌላ ነው። ሠዓሊ የሚሠለጥነው የት ነው? ማን ያስገባዋል? ማን ይከፍለዋል? ድሮ አውሮፓ ውስጥ ክብር የነበረው ሰው የበዛበት የታሪክና የሃይማኖት ሥዕል ነው። ያንን ለመሥራት የሰውን ገላ ከሞዴል እያዩ ለዓመታት መለማመድ ግድ ነበር። ሴቶች ደግሞ እዚያ ክፍል አይገቡም። የለንደኑ ሮያል አካዳሚ ሴቶችን ከዚህ ክፍል እስከ 1893 ድረስ አግዷል። የፓሪሱ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ኤኮል ደ ቦዛር ጭራሽ በሩን ለሴት የከፈተው በ1897 ነው። እና ወንድምሽን «ወደ ሥልጠናው ክፍል ማን እንዲገባ ተፈቀደለት?» በይው። ከዚያ ተዪው። እሱን በማሳመን ሙያ አይገኝም።

አሁን ወደ አንቺ። አካውንቲንጉን አታቋርጪ። ይህን የምልሽ ሥዕል እንጀራ አይሆንም ብዬ አይደለም። ያነበብሻቸው ሴቶች ከታገሉበት ነገር ግማሹ ሂሳብ ስለሆነ ነው።

ጉሬላ ገርልስ የሚባሉትን ሳታነቢ አትቀሪም። በ1985 ኒውዮርክ ውስጥ የተነሱ፣ የጎሪላ ጭምብል የሚያጠልቁ ሴቶች ናቸው። ማንነታቸው እንዳይታወቅ የሞቱ ሴት አርቲስቶችን ስም ይጠቀማሉ። ሰው የሚያስታውሰው ጭምብሉን ነው፤ እኔን የሚገርመኝ ግን ቆጠራቸው ነው። ሜትሮፖሊታን ሙዚየም ገብተው ቆጠሩ። በ1989 ባወጡት ፖስተር በዘመናዊ ሥነ ጥበብ ክፍሎቹ ከአርቲስቶቹ ሴቶቹ ከ5 በመቶ በታች ናቸው፤ ከእርቃን ሥዕሎቹ ግን 85 በመቶው የሴት ነው አሉ። ሴት ለመግባት ልብሷን ማውለቅ አለባት ወይ ብለው ጠየቁ። ንግግር ቢያደርጉ ማን ይሰማቸው ነበር? ቁጥሩ ግን መልስ አሳጣ። አንቺ ደግሞ ቁጥር እየተማርሽ ነው።

ስፌቱን በተመለከተ በደብዳቤሽ እንደዋዛ ነካ አድርገሽ አልፈሻል። እኔ ግን እዚያ ላይ ልቆይ።

ባውሃውስ የሚባለው የሥነ ጥበብና የዲዛይን ትምህርት ቤት በ1919 ጀርመን ውስጥ ሲከፈት ወንድና ሴት እኩል ነው ተባለ። ብዙም ሳይቆይ ሴቶቹ ወደ ሽመናው ክፍል ይገፉ ጀመር። አኒ አልበርስ በ1922 ስትገባ የፈለገችው የመስታወት ሥራ ነበር፤ የደረሳት ክር ነው። መጀመሪያ አልወደደችውም። ኋላ ግን ክሩን ይዛ እንደ ረቂቅ ሥዕል አሠራችው። በ1949 የኒውዮርኩ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ብቻዋን ኤግዚቢሽን አዘጋጀላት። በዚያ ሙዚየም ለጨርቃ ጨርቅ ባለሙያ እንዲህ ሲደረግ የመጀመሪያው ነው።

ፌዝ ሪንጎልድም አለች፤ የኒውዮርክ ሃርለም ልጅ። ሸራ በእንጨት ወጥሮ መሳል ትታ ወደ ጨርቅ ሄደች። ከምክንያቶቿ አንዱን እወደዋለሁ፤ ጨርቅ ተጠቅልሎ ይያዛል፣ የሰው እርዳታ ሳትለምኚ ይዘሽው ትሄጃለሽ። እናቷ የልብስ ዲዛይነር ነበረች፤ በ1980 የመጀመሪያውን ኩዊልት አብረው ሰፉት። ኩዊልት ማለት ቁርጥራጭ ጨርቅ እየተገጣጠመ የሚሰፋ ብርድ ልብስ ነው። ሪንጎልድ ሥዕልና ጽሑፍ ጨምራበት ግድግዳ ላይ ሰቀለችው። አየሽ፣ አንቺ «ከአያቴ ጋር ስፌትም» ብለሽ ያለፍሽው ነገር እነዚህ ሴቶች ሙዚየም የገቡበት መንገድ ነው።

ሐረር ደግሞ ስፌት ግድግዳ ላይ መስቀል ከማንም አትማርም። የጌይ ጋር (የሐረሪ ባህላዊ ቤት) ሳሎን የገባ ያውቀዋል። የጎደለው ሌላ ነው። ጀጎል ውስጥ ካሉት ሱቆች ወደ አንዱ ግቢና አንድ ሰፌድ አንስተሽ ጠይቂ። «የሐረር ስፌት ነው» ትባያለሽ። ማን ሰፋችው? ዝም። ስንት ቀን ፈጀባት? ዝም። ከዋጋው ለሰፊዋ ስንት ደረሳት? እሱንማ ተዪው።

ስለዚህ የቤት ሥራ ልስጥሽ። ከአያትሽና ከጎረቤት እናቶች ጀምሪ። እያንዳንዱን ስፌት በቀን ብርሃን፣ ነጭ ግድግዳ ፊት ለፊት ፎቶ አንሺው። አንድ ከላይ፣ አንድ ከጎን፣ አንድ ደግሞ ጠርዙ አጠገብ ተጠግተሽ፣ የወስፌው ቀዳዳና የቀለሙ መቀያየሪያ እንዲታይ። ከሥሩ የሰፊዋን ስም (ከፈቀደች)፣ ያለቀበትን ዓመት፣ የጌጡን ስም በእነሱ አጠራር፣ የፈጀውን ሰዓት ጻፊ። ከዚያ ዋጋውን አስዪ። እንበልና አንድ ስፌት 60 ሰዓት ወሰደ። በሰዓት 50 ብር ብታስቢ ድካሙ ብቻ 3,000 ብር ነው፤ አክርማው፣ ቀለሙና ትራንስፖርቱ ገና አልገባም። ሱቁ ከሚጠራው ጋር አስተያዪው። ይህን ሠንጠረዥ ሳይ ሥራ ፈላጊ ሳይሆን ባለሙያ አያለሁ። ሙዚየም፣ የቅርስ ፕሮጀክት፣ ዕደ ጥበብ ላይ የሚሠራ ድርጅት የሚፈልገው እንዲህ ያለውን ሰው ነው። የሸሪፍ ሙዚየምን በእግርሽ ትደርሺዋለሽ፤ ስብስቡን ደጋግመሽ እዪ፣ መግለጫዎቹ እንዴት እንደተጻፉ አጥኚ፣ በበጎ ፈቃድ ላግዝ ብለሽም ጠይቂ።

ጁዲ ቺካጎ የምትባል አሜሪካዊት አርቲስትም አለች፤ ስለ እሷ አንድ ነገር ልጨምር። «የእራት ግብዣ» የሚባለው ሥራዋ ከ1974 እስከ 1979 ተሠርቶ ዛሬ ብሩክሊን ሙዚየም ይገኛል። ባለሦስት ማዕዘን ገበታ ነው፤ ለ39 ሴቶች ቦታ ተዘጋጅቷል፣ የ999 ሴቶች ስም ደግሞ ወለሉ ላይ ተጽፏል። ጥልፍና የሸክላ ላይ ሥዕል፣ ማለትም «የቤት ሥራ» ተብሎ የተናቀው ሁሉ እዚያ ገበታ ላይ ወጣ። ከ400 በላይ ሰዎች ሠርተውበታል፤ አብዛኞቹ ያለ ክፍያ በበጎ ፈቃድ የመጡ ሴቶች ናቸው። እኔ እዚህ ላይ ትንሽ ይከነክነኛል። ነገ አንቺ አምስት እናቶች አሰፍተሽ ኤግዚቢሽን ብታሳዪ ስማቸውም ክፍያቸውም ከጅምሩ ወረቀት ላይ ይስፈር።

የሥዕሉን ትምህርት በተመለከተ፣ ሠዓሊው አለ ፈለገ ሰላም በ1950 ዓ.ም. የመሠረቱት ትምህርት ቤት ዛሬ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሥር በስማቸው ይጠራል። ከዚያ የተመረቁት የመጀመሪያዋ ሴት ደስታ ሐጎስ ናቸው። የመጀመሪያዋ ማለት ከፊቷ የምትጠይቃት ሴት የሌላት ማለት ነው፤ አንቺ ግን አለሽ። የሐረር ልጅ ሠዓሊ አይወጣውም የሚልሽ ካለም ገብረ ክርስቶስ ደስታ የተወለደው እዚሁ ሐረር ነው። ዲግሪሽን ይዘሽ መወዳደር ትችያለሽ ወይ የሚለውን የዘንድሮውን የመግቢያ መስፈርት ከራሱ ከትምህርት ቤቱ ጠይቂ፤ በወሬ አትወስኚ።

እስከዚያው እጅሽን አሠሪ። የሰው ሞዴል የለኝም እንዳትዪ። አያትሽ ሲሰፉ እጃቸውን ሳዪ፤ ወስፌውን የያዘው አውራ ጣት እንዴት እንደሚታጠፍ፣ አክርማውን ሲስቡ የክንዳቸው ጅማት እንዴት ብቅ እንደሚል። አምስት ደቂቃ፣ አንድ ንድፍ፣ በእርሳስ። ድሬ ስትወርጂ ከዚራ ዛፎቹ ሥር ተቀመጪ፤ ቀፊራ ገበያም ግቢ። ሳታስፈቅጂ ግን ሰው አትሳዪ። ነጋዴዋ ሥራ ላይ ናት፤ ትቆጣለች፣ እውነትም አላት። ከምትሠሪው ውስጥ ምርጥ 20ውን ለይተሽ በፋይል ያዢ፤ የመቶ ሥዕል ክምር ማንም አያገላብጥም።

እንጀራውን እናውራ ካልሽ፣ አቦ፣ እዚህ አካባቢ ሥዕል ብቻ ሸጦ የሚኖር ሰው ጥቂት ነው። ግራፊክ ዲዛይን፣ የማሸጊያና የጨርቅ ዲዛይን፣ ለልጆች መጽሐፍ ሥዕል መሥራት፣ ማስተማር፣ የቅርስ ምዝገባ፤ እነዚህ ላይ ገንዘብ አለ። ከእነሱ አንዱን ከምርቃትሽ በፊት ጀምሪ። ቤተሰቦችሽም ከክርክሩ ይልቅ የመጀመሪያው ክፍያ ያረጋጋቸዋል።

አንድ የመጨረሻ ነገር። ለዘመድም ቢሆን ሎጎ ስትሠሪ ዋጋውን በቴሌግራም ጽፈሽ ላኪ፣ ግማሹን ቀብድ ተቀበዪ፣ ማስተካከያ ከሁለት ጊዜ በላይ ከሆነ ጭማሪ እንዳለው ቀድመሽ ንገሪ። «አንቺ እኮ የእኛ ልጅ ነሽ» የሚልሽ አይጠፋም። ቅናሽ ማድረግ ትችያለሽ፤ ደረሰኙ ላይ ግን ሙሉ ዋጋውን ጻፊና ቅናሹን ከሥሩ ቀንሺ።