1/√2 ብሎ የጻፈ ልጅ ምን አጠፋ?

እህቴ፣ ዘጠነኛ ክፍል ያለው ልጅዎ 1/√2 ብሎ ሲመልስ መምህሩ «√2/2 ነው» ብለው ነጥብ እንደቀነሱበት ጽፈዋል፤ ሁለቱ አንድ አይደሉም ወይ ነው ጥያቄዎ። አንድ ናቸው። ልጁ ቁጥሩን አልሳተም፤ የቀረው ታህቱን (ከክፍልፋዩ መስመር በታች ያለውን) ከሩት፣ ማለትም ከ√ ምልክት፣ ማጽዳት ብቻ ነው፤ ራሽናላይዝ ማድረግ የሚባለው ይህ ነው።

ባሕር ዳር ሽምብጥ ላይ የማስጠናው የከተማ ልጅም ሆነ ከዘጌ መጥቶ ቤት ተከራይቶ የሚማረው ይህን ሳይጠይቀኝ አያልፍም። ከማስረዳት ማሠራት ይሻላል። √2 በግምት 1.414 ነው። 1ን ለ1.414 በእጁ ያካፍል፤ ላቡ ጠብ ይላል። ከዚያ 1.414ን ለ2 ያካፍል፦ 0.707፣ ወዲያው። ካልኩሌተር ባልነበረበት ዘመን ይህ መንገድ የተመረጠው ለዚህ ነው፤ የእኛም ልጆች ብሔራዊ ፈተና የሚቀመጡት ያለ ካልኩሌተር ነው።

ብዙዎች የሚስቱት ግን ሌላ ቦታ ነው። ላዕሉንም (ከመስመሩ በላይ ያለውንም) ታህቱንም በ√2 ስናባዛ የምናባዛው በ√2/√2፣ ማለትም በ1 ነው። ይህ ያልገባው ልጅ ክፍልፋዩን ስኩዌር አድርጎ (በራሱ አባዝቶ) 1/2 ያመጣል። 0.5ን ከ0.707 ምን አገናኘው?

4/(3−√5) ሲመጣ ደግሞ በ√5 ማባዛት አያዋጣም፤ ታህቱ 3√5−5 ይሆንና ሩቱ እዚያው ይቀራል። በ3+√5 ሲባዛ ግን፣ (ሀ−ለ)(ሀ+ለ)=ሀ²−ለ² ስለሆነ፣ ታህቱ 9−5 ማለትም 4 ይሆናል፤ ላይ ካለው 4 ጋር ተቃልሎ 3+√5 ብቻ ይወጣል። እዚህ ጋ አልቸኩልም። ምልክቱን ለምን እንደቀየረ ልጁ በራሱ አፍ እስኪነግረኝ እጠብቃለሁ። ቅንፎቹን ዘርዝሮ +3√5 እና −3√5 ሲጠፋፉ በዓይኑ ካየ፣ ምልክቱ ለተቀየረው ጥንድ የተሰጠውን ኮንጁጌት የሚለውን ስም ቢረሳው ግድ የለኝም።

6/√12 ዓይነቱን መጀመሪያ √12ን 2√3 ያድርገው፤ 3/√3 ይሆናል፣ መልሱም √3 ነው።

ስለ ነጥቡ፦ ጥያቄው «ራሽናላይዝ አድርግ» ካለ መምህሩ ልክ ናቸው። «ፈልግ» ብቻ ካለ ግን ነጥቡ ለልጁ ይገባው ነበር እላለሁ። ታህት ላይ ሩት መተው ጥፋት አይደለም። ወደፊት ሊሚት ሲማር፣ ሀ ወደ 0 ሲጠጋ (√(ሀ+4)−2)/ሀ ስንት እንደሚሆን ሲጠየቅ፣ ሩቱን ከላዕል ወደ ታህት የሚያወርደው እሱ ራሱ ነው፤ 1/4 የሚገኘውም በዚያ ነው። ስለዚህ መጀመሪያ ትእዛዙ በምን ቃል እንደተጻፈ ይዩልኝ፤ ከተቻለም ወረቀቱን ፎቶ አንስተው እዚህ ይለጥፉት።