የይግባኝ እግድ፦ ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ ይግባኝ ብያለሁ፤ የፍርዱ አፈጻጸም ግን ቀጥሎ ቤቴ ሐራጅ ወጣ። ይግባኝ እያለ እንዴት ይሆናል?

መልስ፦ ይሆናል፤ ብዙ ሰው ቤቱን የሚያጣውም እዚህ ላይ ነው። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 332 መሠረት ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ካላዘዘ በቀር ይግባኝ ብቻውን አፈጻጸምን አያግድም። ስለዚህ ዛሬውኑ የእግድ አቤቱታ በቃለ መሐላ አስደግፈው በይግባኝ መዝገብዎ ላይ ያስገቡ። ቁጥር 335 ሦስት ነገር ይፈልጋል፦ እግዱ ባይሰጥ ከፍ ያለ ጉዳት መድረሱ፣ አቤቱታው ሳይዘገይ መቅረቡ፣ ለፍርዱ አፈጻጸም ዋስትና መሰጠቱ። «ጉዳት ይደርስብኛል» ብሎ መጻፍ አይበቃም። የሐራጁን ማስታወቂያ አያይዙ፤ ቀኑን፣ የመነሻ ዋጋውንና በቤቱ የሚኖሩትን ሰዎች ይግለጹ። ፍርዱ ገንዘብ ብቻ ከሆነ ጉዳቱን ማሳየት ይከብዳል፤ ገንዘብ ሊመለስ ይችላልና። እንዲህ ሲሆን የፍርድ ባለመብቱ ገንዘቡን ከወሰደ በኋላ መመለስ እንደማይችል የሚያስረዳ ነገር ያቅርቡ።

ጥያቄ፦ የፍርዱ ግልባጭ ዘገየብኝ። እስኪደርስ እግዱን ብቻ አስቀድሜ ልጠይቅ?

መልስ፦ እግዱ የይግባኙ ተቀጽላ ነው፤ የሚንጠለጠልበት መዝገብ ከሌለ ይግባኝ ሰሚው ችሎት የሚያግድበት ምክንያት የለውም። የይግባኝ ጊዜው ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ 60 ቀን ነው። ግልባጩን የጠየቁበትንና የተሰጠዎትን ቀን በጽሑፍ ያስይዙ፤ ጊዜው ቢያልፍ ለማስፈቀጃው (ዘግይቶ ይግባኝ ለማለት ፈቃድ ለሚጠይቁበት አቤቱታ) ማስረጃዎ እሱ ነው። የጠበቃዎ ቸልተኝነት ግን በቂ ምክንያት ተብሎ አይያዝልዎትም።

ጥያቄ፦ እግድ ነበረኝ፤ ይግባኙ «አያስቀርብም» (መልስ ሰጪውን መጥራት አያስፈልግም) ተብሎ ተዘጋ። ሰበር (መሠረታዊ የሕግ ስሕተትን የሚያየው ችሎት) እስክደርስ እግዱ ይጸናል?

መልስ፦ አይጸናም። ይግባኙ በቁጥር 337 ከተሰረዘ እግዱ አብሮት ይወድቃል፤ ብዙ ጊዜ «የተሰጠው እግድ ተነስቷል፤ ይጻፍ» የሚል ያገኛሉ። ባይጻፍም «ይግባኙ እስኪወሰን» የተባለ እግድ ከውሳኔው ወዲያ ዕድሜ የለውም። ለሰበር አቤቱታ 90 ቀን አለ፤ በዚያ አይዘናጉ፤ አፈጻጸሙ በሳምንታት ውስጥ ሊያልቅ ይችላል። የሰበሩን አቤቱታ በቶሎ አስገብተው አዲስ እግድ ይጠይቁ፤ የቀድሞው አይተላለፍልዎትም።

ጥያቄ፦ እግዱ ተሰጥቶ ሳለ ሐራጁ ተካሄደ።

መልስ፦ ትእዛዙ አፈጻጸም ችሎቱ ጋ ሳይደርስ ቀርቶ ይሆናል። ደብዳቤው እንደወጣ ራስዎ ይዘው ሄደው መዝገቡ ላይ ያስያይዙት፤ የደረሰበትን ቀንና ሰዓት በቅጂዎ ላይ ያስጽፉ። አሁን ያንን ማስረጃ ይዘው ለአፈጻጸም ችሎቱ ሳይውሉ ሳያድሩ ያመልክቱ።

ጥያቄ፦ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያዬ (ወደ ዋናው ክርክር ከመገባቱ በፊት ያነሳሁት) ውድቅ ሆነ፤ ዋናው ክርክር ሳያልቅ ይግባኝ ብዬ ክርክሩን ላሳግድ?

መልስ፦ አይቻልም። በቁጥር 320(3) መሠረት ቅሬታውን የሚያነሱት በመጨረሻው ፍርድ ላይ ይግባኝ ሲሉ ነው። ሰው እንዲያዝ ወይም እንዲታሰር፣ ንብረት ከአንዱ ተከራካሪ ወደ ሌላው እንዲተላለፍ ከታዘዘ፣ ወይም አካልን ነጻ የማውጣት (በሕገ ወጥ መንገድ የተያዘ ሰው እንዲለቀቅ የሚጠየቅበት) አቤቱታ ውድቅ ከተደረገ ግን ንኡስ ቁጥር 4 ወዲያው ይግባኝ ይፈቅዳል።