ከወረቀቱ በፊት አባታችሁን ጠይቁ

እዚህ አገር 27 ዓመት ኖሬአለሁ። አዲስ መጪ ሲደናበር ብዙ አይቻለሁ፤ እኔም ተደናብሬአለሁ። ስለዚህ አለሳልሼ አልናገርም።

1. ወረቀት። ቀጠሮ አታሳልፉ፣ የሁሉንም ኮፒ ያዙ፣ ያልገባችሁን አትፈርሙ። በቃ።

2. ገንዘብ። ላኩ፤ ግን የት እንደገባ ጠይቁ። ጠያቂ ስግብግብ አይደለም።

3. ልጆች። እዚህ ላይ ልቆጣ ነው።

ናንዲ ሲንግ የሚባል ሕንዳዊ የሆኪ ተጫዋች ነበር። የተወለደው ዛሬ ፓኪስታን በሆነው ምድር ነው፤ ላሆር ተማረ። እ.ኤ.አ. በ1947 ሕንድና ፓኪስታን ሲለያዩ ያደገበት ከተማ የሰው አገር ሆኖ ቀረ። በዓመቱ ለንደን ኦሊምፒክ ላይ ወርቅ ያገኘው የሕንድ ቡድን አባል ነበር። ያ ቡድን በፍጻሜው ያሸነፈው ማንን መሰላችሁ? እስከ ትናንት ይገዛቸው የነበረውን እንግሊዝን፣ ያውም 4 ለ 0። በ1952 ሄልሲንኪ ላይም ወርቁን ደገመ። በባሕር ኃይልም እስከ ኮማንደርነት ደረሰ።

ይኼ ሁሉ ሜዳሊያና ማዕረግ አልነበረም እኔን የነካኝ። በስተርጅና ስትሮክ መታው። ልጁ ተነሥታ ላሆር ድረስ ሄደች፤ የአባቷን የወጣትነት ጓደኛ ፍለጋ። አገኘችውም። ሰውዬው ያኔ በ1948 ለፓኪስታን የተሰለፈ ነው።

አሁን ንገሩኝ፤ የእናንተ ልጅ ነገ ጎንደር ወይም ደሴ ወርዶ የአባቱን ጓደኛ ቢያገኝ በምን ቋንቋ ሊያወራው ነው? በአስተርጓሚ?

የኔ አባት ምጽዋ ባሕር ኃይል ነበር። አንድ ጊዜ ሊጠይቀን እዚህ መጣ። ስለ ገና ጨዋታ ለልጄ ሊያጫውተው ፈልጎ ከዘራውን ገልብጦ ያዘ፤ ሩር የለ፣ ብርቱካን ምንጣፉ ላይ አስቀመጠ። መታት። ሶፋ ሥር ገባች። ሽማግሌው እየሳቀ ስለ ምጽዋ ሙቀት፣ ስለ መርከብ፣ ስለ ጓደኞቹ ቀጠለ። ልጄ ፈገግ ብሎ ያዳምጣል፤ አንዲት ቃል አልገባውም። ወደ እኔ ዞሮ በእንግሊዝኛ «ምንድን ነው የሚለው?» አለኝ። የሌሊት ፈረቃዬ ደርሶ ነበር። ጫማዬን እያሰርኩ «በኋላ እነግርሃለሁ» አልኩት።

ምን በኋላ አለ! አባቴ ተመለሰ፤ በዓመቱ አረፈ። «ኢትዮጵያ» በምትባለው መርከብ ላይ ይሥራ አይሥራ እንኳ አላውቅም። ልጄ ሲጠይቀኝ አፌን ይዤ ቀረሁ። ልጁን አማርኛ ያላስተማርኩትም እኔ፣ አባቴን ያልጠየቅኩትም እኔ።

«ልጁ ይሰማል፣ መናገር ነው እንጂ» የምትሉ አላችሁ። ተዉኝ እባካችሁ! «ና ብላ» መስማት ቋንቋ አይደለም። ቤት ውስጥ በአማርኛ አውሩ። ልጁ በእንግሊዝኛ ቢመልስም እናንተ አትቀይሩ። ስልክ ላይ አያቱን «ሃይ» አስብላችሁ አትንጠቁት፤ ተዉት ይንተባተብ።

4. ሥራ አፈላለግ። ይህን ልጽፍ ነበር የተቀመጥኩት። አባታችሁ በሕይወት ካለ ግን መጀመሪያ ደውሉለት፤ አገር ቤት አሁን ነግቷል።