ፎንና የፀጉር መተኮሻ ለማስመጣት ላሰቡት እህቴ፦ ከዋጋው በፊት የጉምሩክ ኮዱን ይወቁ

እህቴ፣ ጥያቄዎን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። የፎን (የፀጉር ማድረቂያ) እና የፀጉር መተኮሻ ገበያ በአገር አቀፍ ደረጃ እያደገ ነው ሲባል እንደሰሙ፣ ይህንን በቁጥር ማረጋገጥ የሚቻልበትን መንገድና ከየትኛው ዕቃ ቢጀምሩ እንደሚሻል ጠይቀዋል። ከእኔ በፊት አስተያየት የሰጡት ሰዎች በሙሉ «አትፍሪ፣ ይሸጣል» ብለውዎታል። መሸጡንስ ይሸጣል። እኔን ያከሰረኝ ገዢ ማጣት ሳይሆን፣ ገዢ በር ላይ ቆሞ ሳለ ዕቃዬ መጋዘን ውስጥ ተቆልፎበት መክረሙ ነው። እርስዎም እኔ በገባሁበት በር ሊገቡ ያሰቡ ስለመሰለኝ ረዘም አድርጌ ልጻፍልዎ። ስለ ቮልቴጅ፣ ስለ ሶኬት ዓይነትና ስለ ንግድ ፈቃድ አልነግርዎትም፤ እዚህ ድረስ የደረሰ ሰው ያንን ያውቀዋል።

አንደኛ፣ የገበያውን አካሄድ ከሻጭ አፍ ሳይሆን ከጉምሩክ መዝገብ ያንብቡ። ከ1988 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሥራ ላይ ባለው ዓለም አቀፍ የዕቃዎች አመዳደብ ሥርዓት የፀጉር ማድረቂያ ኮድ 8516.31 ነው፤ መተኮሻ፣ መጠቅለያና ሌሎች በኤሌክትሪክ ሙቀት የሚሠሩ የፀጉር መሣሪያዎች 8516.32 ላይ ይመደባሉ፤ ፀጉር መቁረጫው ቶንዶዝ ደግሞ ሥራው በሙቀት ስላልሆነ ከእነዚህ ተለይቶ 8510.20 ላይ ይገኛል። እነዚህ ስድስት አኃዞች ሥርዓቱን በሚከተል አገር ሁሉ አንድ ናቸው፤ ከስድስተኛው ቀጥሎ የሚመጡትን ግን እያንዳንዱ አገር ለራሱ ያወጣል። ኮምትሬድ የተባለው የተባበሩት መንግሥታት የንግድ መረጃ ቋት፣ እንዲሁም ትሬድ ማፕ የተባለው የዓለም አቀፉ የንግድ ማዕከል መድረክ፣ አገሩን፣ ኮዱንና ዓመታቱን ሲመርጡላቸው ወደ አገር የገባውን ዕቃ በገንዘብና በክብደት፣ አንዳንድ ጊዜም በብዛት ዘርዝረው ያሳያሉ።

እኔ በመጀመሪያው ዓመት የተመለከትኩት የገንዘቡን ዓምድ ብቻ ነበር። የ8516.32 መስመር በተከታታይ ዓመታት ወደ ላይ ሲወጣ አየሁና ሰው መተኮሻ እየተሻማ ነው ብዬ ደመደምኩ። ዓይኔን ወደ ክብደቱ ዓምድ መለስ ባደርግ ኖሮ ኪሎው ከቦታው ንቅንቅ እንዳላለ አይ ነበር። ያደገው የዕቃው ብዛት ሳይሆን የአንዱ ኪሎ ዋጋ ነበር፤ ማለትም ሰው ብዙ መሣሪያ መግዛት ሳይሆን ውድ መሣሪያ መግዛት ጀምሯል ማለት ነው። ዳይሰን የተባለው ኩባንያ በ2016 እ.ኤ.አ. ፎኑን፣ በ2018 ደግሞ ፀጉርን በአየር የሚጠቀልለውን መሣሪያ ካወጣ ወዲህ፣ በአንድ ሞተር ላይ ጭንቅላት እየቀያየሩ የሚሠሩ መሣሪያዎች አምሳያቸው ሳይቀር ገበያውን ሞልተውታል። እኔ ግን በዚያው ሰሞን ርካሽ መተኮሻ ካርቶን በካርቶን ላይ ደርድሬ ተቀመጥኩ። ሰባት ወር ፈጅቶ አለቀ፤ ትርፉን ግን ባልነግርዎ ይሻላል።

ከዚያ ወዲህ ገንዘቡን ለክብደት፣ ክብደቱንም ለብዛት ሳላካፍል አንድም ቁጥር አላምንም። አንድ የእጅ ፎን ግማሽ ኪሎ ገደማ ይመዝናል። ስሌቱ በአንድ ፍሬ ሦስትና አራት ኪሎ ካወጣልዎ፣ ያ መስመር የያዘው የእጅ ፎን ብቻ ሳይሆን በፀጉር ቤት ከደንበኛ ራስ በላይ የሚቆመውን ካስክ ጭምር ነው፤ ሁለቱም በ8516.31 ስለሚመዘገቡ የቤት ተጠቃሚው ገበያና የፀጉር ቤቱ ገበያ እዚያ ላይ ተደባልቀው ይታያሉ። መረጃውን በአገር ውስጥ ገንዘብም አይመልከቱት፤ ምንዛሪው በወደቀ ቁጥር ገበያው ያደገ ይመስላል።

ሌላም አለ። የላኪውን አገር መዝገብ ከአስመጪው አገር መዝገብ ጎን ለጎን ያስቀምጡት። የዚህ ዕቃ ዋና አቅራቢ ቻይና ስለሆነች፣ ቻይና ወደ አገርዎ ላክሁ ያለችውን፣ አገርዎ ደግሞ ከቻይና ተቀበልኩ ያለችውን ያስተያዩ። ወጪ ዕቃ ብዙውን ጊዜ የሚመዘገበው መርከብ ላይ እስኪጫን ባለው ዋጋ ሲሆን ገቢው ግን ማጓጓዣና መድን ተጨምሮበት ነው፤ ስለዚህ የገቢው ቁጥር ትንሽ ከፍ ቢል የተለመደ ነው። የተላከው ከገባው እጅግ በልጦ ካገኙት ግን ከፊሉ ዕቃ ዋጋው ዝቅ ተደርጎ፣ በሌላ ስም ወይም ጭራሽ ሳይመዘገብ ይገባ ይሆናል ብለው ይጠርጥሩ። በሦስተኛ አገር በኩል ዞሮ የሚገባውም ልዩነት ስለሚፈጥር ወዲያው አይፍረዱ፤ ነገር ግን እርስዎ ቀረጥ ከፍለው የሚወዳደሩት ካልከፈለ ሰው ጋር መሆን አለመሆኑን ከዚህ የተሻለ የሚጠቁም መረጃ እኔ አላገኘሁም።

ሁለተኛ፣ ከስድስቱ አኃዝ በታች ያለውን ዝርዝር ከአገር ውስጥ መሥሪያ ቤት ይጠይቁ። እኔ ጠይቄ ነበር። መስኮቱ ላይ የነበሩት ሠራተኛ ማመልከቻዬን ሳያነቡ «ለምን ፈለግሽው? ተማሪ ነሽ?» አሉኝ። ነጋዴ ነኝ ስላቸው «ነጋዴ ምን ቁጥር ይሠራለታል» ብለው ወረቀቱን መለሱልኝ። እኔ እርስዎ እያልኩ እሳቸው አንቺ እያሉኝ ሦስት ቀን ተመላለስኩ። በአራተኛው ቀን እሳቸው አልነበሩም፤ ተተክተው የነበሩት ወጣት በሩብ ሰዓት አትመው ሰጡኝ። ምክሬ እንግዲህ ይኸው ነው፤ መስኮቱ ላይ ያለው ሰው እስኪቀየር ይመላለሱ።

ሦስተኛው ነጥብ ስለ ኮዱ ነው፤ ለዚህ ብዬ ነው መጻፍ የጀመርኩት። በሁለተኛው ጭነቴ ስድስት መቶ ፍሬ የሙቅ አየር ብሩሽ አዘዝኩ። ያውቁታል፤ ፎንም ብሩሽም የሆነ፣ አየር እየነፋ ፀጉር የሚያለሰልስ መሣሪያ ነው። የክብደቱን ዓምድ ማንበብ ተምሬ ስለነበር ምርጫዬ ትክክል ነበር፤ ዕቃው ሳይደርስ ገሚሱ በፀጉር ቤቶች ተይዞልኝ ነበር። ችግሩ መሣሪያው ከማድረቂያው ይመደብ ወይስ ከሌሎቹ የሚለው ነው። በእኛ ታሪፍ በሁለቱ መካከል የቀረጥ ልዩነት ነበር፤ ማድረቂያው ይበልጥ ይከፍላል። ጠንቃቃ ነኝ ብዬ ከማዘዜ በፊት ሄጄ ጠየቅሁ። የተቀበሉኝ ሰው አንገታቸውን ቀና ሳያደርጉ «ብሩሽ አይደለም እንዴ? ሠላሳ ሁለት ላይ ነው» አሉኝ። አመስግኜ ወጣሁ። የሚያመኝ እስከ ዛሬ ይህ ምስጋና ነው።

ዕቃው ሲደርስ ትራንዚተሬ በ8516.32 ዲክላራሲዮን ሞላ። ፈታሹ ካርቶን ከፍተው አንድ ሣጥን አወጡና ጽሑፉን ጮክ ብለው አነበቡት፤ «ፀጉር ማድረቂያና ማስዋቢያ» ይላል። ኢንቮይሱ «የሙቅ አየር ብሩሽ» ይላል፤ የላቦራቶሪ ሰነዱ ደግሞ ሌላ ሦስተኛ ስም ይዟል። አንድ ዕቃ በሦስት ስም ሲቀርብላቸው እንዳታለልኩ መቁጠራቸውን፣ እውነቱን ለመናገር፣ ዛሬ አልፈርድባቸውም። የዚያን ቀን ግን ተከራከርኩ። መጀመሪያ ጠይቄ ነው ያስመጣሁት ስል «ማንን?» አሉኝ። ስማቸውን አላውቅም። «በጽሑፍ አለሽ?» የለኝም። የቀረጡን ልዩነት ከነቅጣቱ እንድከፍል ተወሰነብኝ። ትራንዚተሬ ያኔ «በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል ሲባል አልሰማሽም?» ብሎ ቀለደብኝ፤ ክፍያውን ከእኔ የተቀበለበትን ምክር መስጠት የነበረበት እሱ መሆኑን ግን ረሳው።

ሁሉም ከፍለሽ ውጪ አሉኝ። አልከፍልም አልኩ። የታሪፍ መጽሐፉን ገዝቼ ለሁለት ሌሊት አነበብኩት፤ እልህ ያስተማረኝን ያህል ትምህርት ቤት አላስተማረኝም። ማሽኖችንና የኤሌክትሪክ ዕቃዎችን የያዘው የአሥራ ስድስተኛው ክፍል ሦስተኛ ማስታወሻ፣ ሁለትና ከዚያ በላይ ሥራ የሚሠራ መሣሪያ በዋና ተግባሩ ይመደባል ይላል። ዋናው ተግባር የትኛው እንደሆነ መለየት ካልተቻለ ደግሞ፣ እኩል ሊሆኑ ከሚችሉት ኮዶች በቁጥር መጨረሻ የሚመጣው ይወሰዳል የሚል አጠቃላይ ደንብ አለ። ከ31 በኋላ የሚመጣው 32 ነው። ይህንን በሁለት ገጽ ጽፌ ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው አስገባሁ፤ በቀጠሮዬም ቀን ከፀጉር ቤት የመለማመጃ ጭንቅላት ተውሼ ፀጉሩን ውኃ አስነክሬ ይዤ ቀረብኩ። ዘበኛው ከረጢቴን ከፍቶ የተቆረጠ ጭንቅላት ሲያይ የሆነውን ልተወው። ኮሚቴው ፊት ብሩሹን ሰክቼ ሃያ ደቂቃ ሠራሁበት። ላዩ ለስልሶ ቅርጽ ያዘ፤ ሥሩ ግን እንደራሰ ነበር። ሰብሳቢው ጣታቸውን ፀጉሩ ውስጥ አስገብተው ውኃውን ሲያዩ እንዳሸነፍኩ አወቅሁ። ውሳኔውም በ8516.32 ጸና፤ ቅጣቱም ተሰረዘ።

ታዲያ ምን አተረፍኩ? ዕቃው አርባ አንድ ቀን ተቀምጧል። የመጋዘን ኪራዩንና ኮንቴይነሩ በመዘግየቱ ለመርከብ ድርጅቱ የሚከፈለውን ዲመሬጅ ማንም አልመለሰልኝም፤ ሁለቱ ተደምረው ከተከራከርኩበት የቀረጥ ልዩነት በለጡ። ይዘውልኝ ከነበሩት ፀጉር ቤቶችም ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ከሌላ ሰው ገዝተው ጠበቁኝ። ይቅርታ ያለኝ ሰው የለም፤ እንዲያውም የመልቀቂያ ወረቀቱን የፈረሙልኝ ሰው «ዕድለኛ ነሽ» አሉኝ።

ሁለት ነገር ባውቅ ኖሮ ይህ ሁሉ አይደርስብኝም ነበር። እርስዎ ይወቋቸው። በየካቲት 2017 እ.ኤ.አ. ሥራ ላይ የዋለው የዓለም ንግድ ድርጅት የንግድ ማሳለጥ ስምምነት በሦስተኛው አንቀጹ፣ አስመጪ ዕቃውን ከማስገባቱ በፊት የዕቃውን ምድብ ጠይቆ ጉምሩክን የሚያስገድድ የጽሑፍ ቅድመ ውሳኔ እንዲያገኝ ይደነግጋል። በሰባተኛው አንቀጹ ደግሞ የቀረጡ ልክ ገና በመወሰን ላይ ሳለ፣ ሌላው መሥፈርት ከተሟላና አስመጪው ዋስትና ካስያዘ፣ ዕቃው እንዲለቀቅለት የሚያስችል ሥርዓት አስቀምጧል። አገርዎ የስምምነቱ አባል ከሆነችና እነዚህን አንቀጾች መተግበር ከጀመረች ማመልከቻውን ያስገቡ፤ አባል ባትሆን እንኳ ብዙ የጉምሩክ ሕጎች ተመሳሳይ ድንጋጌ ስላላቸው ይፈልጉት። መስኮት ላይ ያሉት ሰዎች በራሳቸው ተነሣሽነት አይነግርዎትም፤ ለእኔ በአርባ አንድ ቀን ውስጥ አንድም ሰው ዋስትና የሚባል መንገድ አለ አላለኝም። ከማመልከቻው ጋር ናሙና፣ ፎቶግራፍ፣ የዋት መጠኑንና መሣሪያው እንዴት እንደሚሠራ የሚገልጽ አጭር ጽሑፍ ያያይዙ።

ቅድመ ውሳኔው የተሰጠበት ስም በኢንቮይሱ፣ በፓኪንግ ሊስቱ፣ በሣጥኑና በፍተሻ ሰነዱ ላይ ሳይዛነፍ እንዲጻፍ አቅራቢዎን ከመክፈልዎ በፊት ያስገድዱት። የፍተሻ ሰነድ ስል ለፀጉርና ለቆዳ መንከባከቢያ መሣሪያዎች ደኅንነት የወጣውን አይ.ኢ.ሲ 60335-2-23 የተባለውን መለኪያ ማለቴ ነው። ፋብሪካዎች አንድ ሞዴል አስፈትነው ዋቱ ለተቀየረ ወንድሙ ያንኑ ሰነድ መላክ ስለሚወዱ፣ በሰነዱ ላይ ያለው የሞዴል ቁጥር በመሣሪያው ላይ ከተለጠፈው ጋር እስከ መጨረሻዋ ፊደል መግጠሙን ራስዎ ያመሳክሩ።

ከየትኛው ልጀምር ላሉት፣ ስሙ ከማያከራክር ዕቃ ይጀምሩ እላለሁ። ባለ ሁለት ምላስ መተኮሻ በየትም ቢሄድ 8516.32 ነው፤ ከርካሹ ግን ይራቁ፣ እኔ ሰባት ወር የተቀመጥኩበት እሱ ነው። ሙቀቱ የሚስተካከልና ምላሱ እኩል የሚሞቅ መካከለኛ ዕቃ ለፀጉር ቤቶች ያቅርቡ። በባትሪ የሚሠራውን ለጊዜው ይተዉት፤ የሊቲየም ባትሪ በአደገኛ ጭነት ደንብ ስለሚታይ ሌላ ፍተሻና ሌላ ሰነድ ይጠይቃል፣ በአውሮፕላን ሲሆን ደግሞ ይብሳል። ብዙ ጭንቅላት ያለውን መሣሪያ ቅድመ ውሳኔው እጅዎ ሲገባ ያስመጡታል።

የአቅራቢዎን ፕሮፎርማና የሣጥኑን ፎቶ፣ ዋጋውንና የድርጅቱን ስም ሸፍነው፣ እዚሁ ቢለጥፉት ስሞቹ የሚጋጩበትን ቦታ ዛሬ ማታ አይቼ እነግርዎታለሁ። ለኮሚቴው ያስገባሁትን የሁለት ገጽ ማመልከቻም አስቀምጬዋለሁ፤ ከፈለጉ ግልባጩን እሰጥዎታለሁ፣ ጭንቅላቱን ግን ለፀጉር ቤቱ መልሼዋለሁ።